የአንዲት ሳንቲም ጉዞ፦ የሃርለም የቁጥር ጨዋታ



የታሪክ ምንጭ ሲባል ፈጥኖ ወደ አእምሯችን የሚመጣው አዋጅና የመንግሥታት ውል ነው። ዛሬ የምንመረምረው ግን አንዲት ልብስ አጣቢ በሰፈሯ ከረሜላ ሱቅ ወይም ፀጉር ቤት ለውርርድ የምታስይዘውን አንድ ሳንቲም ነው። ቦታው በኒውዮርክ ከተማ የሚገኘው የጥቁሮች ሰፈር ሃርለም፣ ዘመኑም እ.ኤ.አ. 1920ዎቹ ነው።

የጨዋታው ሥርዐት ቀላል ነበር። ተጫዋቹ ከ000 እስከ 999 ካሉት ቁጥሮች አንዱን ይመርጣል፤ ብዙዎችም ለምርጫቸው የሕልም መፍቻ መጻሕፍትን ያማክሩ ነበር። አሸናፊው ቁጥር የሚወጣው የከተማዋ ባንኮች እርስ በርስ ሒሳብ የሚያወራርዱበት ተቋም ከሚያሳውቀውና በየዕለቱ በጋዜጣ ከሚታተመው አኀዝ ነበር። በዚህም ምክንያት አጫዋቹ ቁጥሩን እንዳሻው ሊለውጠው እንደማይችል ሕዝቡ ያምን ነበር።

የማሸነፍ ዕድሉ ከ1000 አንድ ሲሆን፣ የተለመደው ክፍያ 600 እጥፍ ነበር። ውርርድ ሰብሳቢውም ከአሸናፊው 10 በመቶ ይቀበላል። እንግዲህ በረጅም ጊዜ ተጫዋቹ ከሳሪ መሆኑ አያጠራጥርም። ይሁን እንጂ ነገሩን በድኾች ሞኝነት ብቻ መተርጐም የታሪክ ባለሙያ ሥራ አይደለም። ባንኮች ለጥቁሮች ብድር በሚነፍጉበት ዘመን፣ ጠቀም ያለ ገንዘብ በአንድ ጊዜ የሚገኝበት ሌላ በር እጅግ ጠባብ ነበር። ከትርፉም የተወሰነው ወደ ማኅበረሰቡ ይመለስ ነበር፤ ከአጫዋቾቹ አንዱ ካስፐር ሆልስታይን «ኦፖርቹኒቲ» መጽሔት ላዘጋጀው የሥነ ጽሑፍ ሽልማት ገንዘብ ሰጥቷል።

ይህን ስል ጨዋታውን ማወደሴ አይደለም። በ1930ዎቹ መጀመሪያ ደች ሹልትዝ የተባለው ነጭ ወንበዴ ንግዱን በኀይል ሲነጥቅ፣ የሰፈሩ ሳንቲም ከሰፈሩ መውጣት ጀመረ።

የኒውዮርክ ግዛት በ1967 ሎተሪ አቋቋመ፤ በ1980 ደግሞ ያንኑ ባለሦስት አኀዝ ጨዋታ በሕጋዊ መንገድ በየሰፈሩ ሱቅ መሸጥ ጀመረ። ክፍያው ግን ለአንድ ዶላር 500 ዶላር ሆነ፤ ማለትም ሕገ ወጡ ጨዋታ ይከፍል ከነበረው አነሰ። ትርፉም ለትምህርት በጀት ይውላል።

ትናንት ያስከስስ የነበረው ውርርድ ዛሬ የመንግሥት ገቢ ሆኗል፤ ዕድሉ ግን ያው ከ1000 አንድ ነው። ስለዚህ ሎተሪን ስታጠኑ ማን እንደተጫወተ ብቻ አትጠይቁ፤ ያልተመለሰው ሳንቲም ወደ ማን እጅ እንደገባና በምን ሥልጣን እንደተወሰደም መርምሩ።