መሐላና የማያምን ሰው

በብዙ ሕዝቦች ዘንድ ቃል ኪዳን የሚጸናው በመሐላ ነው። የሚምለው ሰው ቃሉን ቢያፈርስ ከሰው በላይ የሆነ ኃይል እንደሚቀጣው ያምናልና ይታመናል። ይህን ኃይል የማያምን ሰው ግን ቃሉ በምን ይታሰራል? የእንግሊዝ ፓርላማ ከ1880 እስከ 1888 ዓ.ም. (እንደ አውሮፓ አቆጣጠር) ለዚህ ጥያቄ መልስ እንዲሰጥ ያስገደደው ቻርልስ ብራድሎ ነው።

ብራድሎ በ1833 በለንደን ከድኻ ቤተሰብ ተወለደ። በወጣትነቱ በሰንበት ትምህርት ቤት ሲያስተምር የቤተ ክርስቲያኒቱን 39 አንቀጾች ከወንጌል ጋራ አስተያይቶ ያገኘውን ልዩነት ቄሱን ቢጠይቅ፣ ከማስተማር ታገደ። ከዚያም ወታደር፣ ቀጥሎም የጠበቃ ጸሓፊ ሆነ፤ እግዚአብሔር የለም የሚለውንም አሳብ በየአደባባዩ ይከራከርበት ጀመር። በ1866 የመሠረተው ብሔራዊ ዓለማዊ ማኅበር ሰው ድካሙን ሁሉ ይህን ዓለም ለማሻሻል እንዲያውል ያስተምር ነበር።

ከእርሱ በፊት የፓርላማው በር የተከፈተው ደረጃ በደረጃ ነው፤ በ1829 ለካቶሊኮች፣ በ1833 መማልን ኀጢአት ለሚሉት ኩዌከሮች፣ በ1858 ለአይሁድ። እነዚህ ሁሉ ግን በእግዚአብሔር የሚያምኑ ነበሩ።

በ1880 የኖርዛምፕተን ሕዝብ ሲመርጠው፣ ብራድሎ በመሐላ ፈንታ በክብሩ ቃል ይገባ ዘንድ ጠየቀ፤ ሕጉ አይፈቅድም ተባለ። እንግዲያውስ እምላለሁ ቢል፣ የማያምን ሰው መሐላ አያስረውም ብለው ከለከሉት። ስለዚህ በሩ በሁለት ወገን ተዘጋበት። አልወጣም ባለ ጊዜ በፓርላማው የሰዓት ግንብ ታስሮ አደረ፤ በነሐሴ 1881ም በፖሊስ ተጐትቶ ወጣ። መራጮቹ ግን በ1881፣ በ1882ና በ1884 መልሰው መረጡት።

በ1883 ጠቅላይ ሚኒስትሩ ግላድስቶን ጉዳዩን በሕግ ለመፍታት ሞከሩ። እርሳቸው ራሳቸው ጽኑ ክርስቲያን ሳሉ፣ ሃይማኖትን በመሐላ ቃል መለካት ሃይማኖትን ራሱን ይጐዳል ሲሉ ተከራከሩ። ሕጉ ግን በ289 ድጋፍና በ292 ተቃውሞ፣ በ3 ድምፅ ብቻ ወደቀ። በመጨረሻ በጥር 1886 አዲሱ አፈ ጉባኤ ፒል፣ አባል ሊምል ሲቀርብ ማንም ሊያግደው አይችልም ብለው ስለ ወሰኑ፣ ብራድሎ ምሎ ገባ። ከሁለት ዓመት በኋላም እርሱ ባቀረበው ሕግ የማያምን ሁሉ በመሐላ ፈንታ ቃሉን እንዲሰጥ ተፈቀደ።

ከዚህ ታሪክ የሚታየው ዋና ነገር ይህ ነው። ብራድሎ በመጀመሪያው ቀን ዝም ብሎ ቢምል ኖሮ የሚያግደው ሥርዓት አልነበረም። ለዓመታት ከወንበሩ ያራቀው አለማመኑን አለመደበቁ ነው። ምክር ቤቱ የሐሰት መሐላን እየፈራ፣ በሐሰት መማልን ያልወደደውን ሰው ከደጅ አቆመ። በመሐላ የሚፈለገው እውነተኛነት ከሆነ፣ መሐላውን ከመፈጸም ይልቅ መሐላውን መጠየቁ ይበልጥ አስረዳው።

ጥር 27 ቀን 1891 ምክር ቤቱ በ1880 በብራድሎ ላይ የወሰነውን ውሳኔ ከመዝገቡ ሠረዘ። ብራድሎ ግን በዚያ ሰዓት በሞት አልጋ ላይ ነበር፤ ከ3 ቀን በኋላ ወሬውን ሳይሰማ ዐረፈ።