ደረቅ ምድርና የድህነት ታሪክ፤ ዋግን ከሀገረ ሕይወት ሆኖ ማየት



 የዛሬው ንግግሬ ስለ ዋግ ነው። አምቦ ላይ ቆሞ ስለ ዋግ መናገር ለአንዳንዶቻችሁ እንግዳ ነገር ሊመስል ይችላል። ከተማችን በቀዳማዊ ኀይለ ሥላሴ ዘመን «ሀገረ ሕይወት» የተባለች፣ በፍል ውሃዋና በማዕድን ውሃዋ የታወቀች ናት። ዋግ ግን በብዙዎቻችን አእምሮ ውስጥ ከድርቅና ከረኃብ ጋር ብቻ የተቆራኘ ስም ነው። ርእሱን የመረጥሁት ከልጅነቴ ጀምሮ ያልከፈልሁት ዕዳ ስላለብኝ ነው።

በ1977 ዓ.ም. ልጅ ነበርሁ። ከአዲስ አበባ ወደ ነቀምት የሚወስደው መንገድ፣ እንደምታውቁት፣ ከተማችንን ሰንጥቆ ያልፋል። በዚያ ዓመት ሰፋሪዎችን የጫኑ አውቶቡሶች በዚህ መንገድ ወደ ምዕራብ ሲጓዙ አይቻለሁ። አንድ ቀን አንዱ አውቶቡስ ከሰፈራችን አጠገብ ቆመ። እናቴ ዳቦና አንድ ጠርሙስ የአምቦ ውሃ አስይዛ ላከችኝ። በመስኮት የተቀበሉኝ ሽማግሌ አንድ ጊዜ ተጎንጭተው ደነገጡ፤ ውሃው የተበላሸ መስሏቸው ነበር። እኛ ልጆች ሳቅንባቸው። ማታ ስለ ተጓዦቹ ሲወራ ከትልልቆቹ አንዱ አገራቸው ዝናብ የተነፈገ፣ የተረገመ አገር ነው አለ። እኔም ይህን አባባል ሳልመረምር ለብዙ ዓመታት ደጋገምሁት። ዛሬ የምናገረው ያን አባባል ለማረም ነው።

በመጀመሪያ መሬቱን እንይ። ዋግ ዛሬ በአማራ ክልል የዋግ ኽምራ ብሔረሰብ አስተዳደር ይባላል፤ መዲናዋ ሰቆጣ ናት። ሕዝቡ በአብዛኛው አገው ነው፤ ከአማርኛ ጋር ኽምጣንኛ ይናገራል። ሰቆጣ ከባሕር ጠለል ከ2,000 ሜትር በላይ ከፍ ብላ የተቀመጠች ከተማ ናት፤ አምቦም እንዲሁ። ሁለቱ ከተሞች በከፍታ ይቀራረባሉ፤ በዝናብ ግን አይገናኙም። በምዕራብ የስሜን ተራሮች፣ በደቡብ የላስታ ተራሮች ቆመውበታልና እርጥቡ ነፋስ ዋግ የሚደርሰው አብዛኛውን ዝናቡን በመንገድ አራግፎ ነው። የሚዘንበውም ቢሆን በሐምሌና በነሐሴ ይከማቻል። ዝናቡ ዘግይቶ የገባ ወይም ቀድሞ የወጣ እንደ ሆነ ማሽላው ሳያፈራ ይቀራል። ሲጥል ደግሞ በኀይል ይጥላል፤ ዳገቱ የተራቆተ ነውና አፈሩን ጠርጎ ወደ ተከዜ ይወስደዋል። በዝቋላና በአበርገሌ ወረዳዎች እስከ ተከዜ የሚወርደው ቆላ ከሁሉም ይልቅ ሞቃትና ደረቅ ነው።

በዚህ ምድር የሚኖር ገበሬ ኑሮውን በእርሻ ብቻ አያቆምም። ማሽላ፣ ጤፍና ገብስ ይዘራል፤ ንብ ያንባል፤ ከሁሉ በላይ ግን ፍየል ያረባል። በወረዳው ስም የሚጠራው የአበርገሌ ፍየል ድርቅንና ገደልን የለመደ ዝርያ ነው። ሰብል በጠፋ ጊዜ ፍየሉ ተሽጦ እህል ይገዛበታል። ስለዚህ ፍየል ለዋግ ገበሬ ጎተራ ነው ብንል አንሳሳትም። ይህን ነጥብ በአእምሯችሁ ያዙልኝ፤ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

ድህነት ከዚህ ምድር ጋር አብሮ የተፈጠረ ነውን? ታሪክ አይደለም ይላል። የዋግ ገዥዎች «ዋግሹም» ይባሉ ነበር፤ ዘራቸውንም ከዛጉዌ ነገሥታት ይቆጥሩ ነበር። ከሰቆጣ አቅራቢያ ያለው ከዐለት የተፈለፈለው ውቅሮ መስቀለ ክርስቶስ ዛሬም ይህን ታላቅነት ይመሰክራል። በ1860 ዓ.ም. ከዐፄ ቴዎድሮስ ሞት በኋላ ዙፋኑን የያዙት ዋግሹም ጎበዜ፣ በንግሥ ስማቸው ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ፣ ከዚሁ ቤት የወጡ ናቸው። በሐምሌ 1863 ዓ.ም. ዓድዋ አጠገብ በካሳ ምርጫ፣ በኋላ ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በተባሉት፣ እስኪሸነፉ ድረስ ንጉሠ ነገሥት ነበሩ።

ከሥልጣን በተጨማሪ ገበያም ነበረ። ከአፋር የጨው ሜዳ የሚወጣው አሞሌ በግመል፣ በበቅሎና በአህያ ወደ ደጋው ሲወጣ ሰቆጣ ከታላላቅ ገበያዎቹ አንዷ ነበረች። አሞሌ በዚያ ዘመን ማጣፈጫ ብቻ ሳይሆን ገንዘብም ጭምር ነበር። ስለዚህ ሰቆጣ ዝናብ ባይበዛላትም መንገድ ነበራት። ነጋዴው ሲያልፍ ማደሪያ፣ መኖና ስንቅ ይፈልጋል፤ ፍየሉና ማሩም ገዢ ያገኛል።

በሃያኛው መቶ ዓመት አሞሌ ገንዘብነቱን አጣ፤ የሲራራው ንግድም በመኪና ተተካ። በጣሊያን ወረራ ዘመን የተሠራው የሰሜኑ ዋና መንገድ በደሴ፣ በወልድያ፣ በአላማጣና በማይጨው አልፎ ወደ መቀሌ ሲሄድ ሰቆጣን ወደ ምዕራብ ትቷት አለፈ። ያው ዘመን ወደ ወለጋ የሚወስደውን መንገድ በአምቦ በኩል አበጀ። እንግዲህ ሁለት ከተሞችን አስቡ፤ አንዷ መንገድ አገኘች፣ ሌላዋ የነበራትን አጣች። ይህ የሰው ውሳኔ ነው፤ ከደመናው ጋር የሚያገናኘው ነገር የለም።

አሁን ወደ ረኃቡ እንምጣ። ዋግ በዚያን ጊዜ የወሎ ጠቅላይ ግዛት አካል ነበር። የ1965 እና የ1966 ዓ.ም. የወሎን ረኃብ የመረመረው የምጣኔ ሀብት ሊቅ አማርትያ ሴን በ1981 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ አንድ አስደናቂ ነገር አሳየ። በዚያ ዓመት በኢትዮጵያ ጠቅላላ የእህል ምርት ላይ ያን ያህል ታላቅ መቀነስ አልታየም፤ በደሴ ገበያም የእህል ዋጋ እንደሚጠበቀው አልናረም። እንዲያውም ከወሎ ወደ ውጭ እህል ይጫን ነበር። የወሎ ገበሬ የተራበው ሰብሉ ሲጠፋ መግዣውም አብሮ ስለ ጠፋበት ነው። ቅድም ያዙልኝ ያልሁት ነጥብ እዚህ ላይ ይመጣል። በድርቅ ጊዜ ሁሉም በአንድነት ከብቱንና ፍየሉን ለሽያጭ ያወጣል፤ እንስሳቱ ከስተዋል፤ ዋጋቸው ይወድቃል። ትናንት አንድ ቤተሰብ የሚያከርመው ፍየል ዛሬ የሳምንት ስንቅ አይገዛም። ጎተራው በበረት እንደ ቆመ ባዶ ይሆናል።

የአገራችን የጂኦግራፊ ሊቅ ፕሮፌሰር መስፍን ወልደ ማርያምም የገጠሩን ሕዝብ ለረኃብ ተጋላጭነት ባጠኑበት ሥራቸው ድርቅንና ረኃብን ለይተው አስቀምጠዋል። ድርቅ የተፈጥሮ ነው፤ ወደ ረኃብ የሚለውጠው ገበሬውን ያለ ጥሪት የሚያስቀረው ሥርዓት ነው። በ1977ቱም ረኃብ ድርቁ ብቻውን አልነበረም። በሰሜን ጦርነት ነበር፤ ገበሬው እህሉን መንግሥት በቆረጠው ዋጋ በኮታ እንዲያስረክብ ይገደድ ነበር። መስከረም 2 ቀን 1977 ዓ.ም. የአብዮቱ ዐሥረኛ ዓመት በታላቅ ድግስ በአዲስ አበባ ሲከበር በሰሜን ሕዝብ ያልቅ ነበር።

«ዝናብ ካለ ረኃብ የለም» የሚል ሰው በመካከላችን ቢኖር የራሳችንን ታሪክ ላስታውሰው። በ1880 ዓ.ም. በምጽዋ በኩል የገባው የከብት በሽታ በጥቂት ጊዜ ውስጥ አገሩን አዳረሰ፤ ክፉ ቀን የምንለው ዘመን ይህ ነው። በሬው አለቀ፤ የሸዋ ለም መሬት የሚያርሰው አጥቶ ጦም አደረ። ዐፄ ምኒልክ ለሕዝቡ አርአያ ለመሆን ራሳቸው ዶማ ይዘው መቆፈራቸው ይነገራል። ዝናብ በሚበዛበት አገርም ሰው በረኃብ ረገፈ። እርጥብ ምድር ያልተረገመ ከሆነ ደረቁንም እርጉም የምንልበት ምክንያት የለንም።

በ1977 እና በ1978 ዓ.ም. ወደ 600,000 የሚጠጋ ሕዝብ ከወሎ፣ ከትግራይና ከሸዋ ተነሥቶ በወለጋ፣ በኢሉባቦር፣ በከፋ፣ በጎጃምና በጋምቤላ ሰፈረ። ከእነርሱ ውስጥ ወድደው የሄዱ አሉ፤ ተገድደው የተጫኑም ብዙ ናቸው። ቤተሰብ ተበተነ፤ ደረቅና ነፋሻ አገር የለመደው ሰው በወባ ቆላ ውስጥ ታመመ፣ ሞተ፤ ቀላል የማይባል ቁጥርም ጠፍቶ ወደ አገሩ ተመለሰ። መሬቱም ባዶ አልነበረም፤ የኖሩበት ባለቤቶች ሳይጠየቁ ተወስዶባቸዋል። የመርሐ ግብሩ መነሻ ያ በልጅነቴ የሰማሁት ሐሳብ ነው፤ አገራቸው ስለማይረባ ሰዎቹን ማንሣት ይሻላል የሚል። የተመለሱት ሰዎች ግን አገራቸው ከነድርቀቱ የሚኖሩበት ጥበብ ያላቸው መሆኑን ያውቁ ነበር።

ዛሬስ? በሐምሌ 2007 ዓ.ም. መንግሥት «የሰቆጣ ቃል ኪዳን» የተባለውን ሰነድ ሲያውጅ ከሁለት ዓመት በታች ባሉ ሕፃናት ላይ የሚታየውን መቀንጨር እ.ኤ.አ. እስከ 2030 ለማጥፋት ቃል ገባ። በተከዜ ላይ 188 ሜትር ከፍታ ያለው ግድብ ቆሟል፤ በግድቡ ሐይቅ ዓሣ የሚያጠምዱ የዋግ ወጣቶች አሉ። ይሁን እንጂ በ2013 ዓ.ም. የጀመረው ጦርነት ዋግንም አልማረም፤ ከአበርገሌና ከዝቋላ የተፈናቀሉ ቤተሰቦች ሰቆጣ ላይ ተጠልለው ነበር። በዚያ ዘመን እርዳታ ያጠረው ሰማዩ ስለ ተዘጋ ብቻ አልነበረም፤ መንገዱም ተዘግቶ ነበር።

ንግግሬን በአንድ ልመና ልደምድም። እዚህ ያላችሁ የታሪክ ተማሪዎች በአምቦ፣ በጉደርና በባኮ ያንን ዓመት የሚያስታውሱ እናቶችና አባቶች አሏችሁ። አውቶቡሶቹን ያዩ፣ ዳቦ የሰጡ፣ ምናልባትም እንደ እኔ የሳቁ ናቸው። ሄዳችሁ ጠይቋቸው፤ ቃላቸውንም መዝግቡ። ወለጋ የቀሩትን ሰፋሪዎችና የተቀበሏቸውን ባለ አገሮችም እንደዚሁ። እነዚያ ሽማግሌ የተገረሙበትን ውሃ እኛ ስንወለድ አገኘነው፤ አልደከምንበትም። እርሳቸውም የዋግን ድርቀት አልመረጡትም። ስማቸውን አልጠየቅኋቸውም፤ የቀረብኝ ዕዳ እርሱ ነው።