ሊትመስ፦ ስሙ ከየት መጣ?

(በመሠረተ ትምህርት የሬዲዮ ፕሮግራም የቀረበ ንግግር)



ለዛሬ ያዘጋጀሁላችሁ የአንዲት ቁራጭ ወረቀት ታሪክ ነው። ልጆች ያሏችሁ ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ስሟን ሲጠሩ ሰምታችሁ ይሆናል። ሊትመስ ትባላለች። በሎሚ ጭማቂ ብትነከር ትቀላለች፤ በሳሙና ወይም በአመድ ውሃ ብትነከር ሰማያዊ ትሆናለች። አንድ ፈሳሽ አሲድ ይሁን ወይም የአሲድ ተቃራኒ የሆነው ቤዝ፣ ሳይቀመስ በእሷ ይታወቃል።

እኔ የአንደኛ ደረጃ መምህር ነኝ። በመምህራን ማሠልጠኛ ተቋም ሳለሁ ይህንኑ ተምሬያለሁ፤ ለተማሪዎቼም እንደ ተማርኩት አስተምሬያለሁ። «ቀይ ከሆነ አሲድ፣ ሰማያዊ ከሆነ ቤዝ» ብዬ በሰሌዳ ላይ እጽፋለሁ፤ ልጆቹ እየተቀባበሉ ይሉታል፤ ትምህርቱ አለቀ እላለሁ። አንድ ቀን ግን የማታ ተማሪዎቼን ሳስተምር አንዲት እናት እጃቸውን አወጡ። ጥጥ ፈትለው ልጆች ያሳደጉ፣ ፊደል የቆጠሩት በስተርጅና የሆነ ሰው ናቸው።

«ልጄ፣ ለመሆኑ ሊትመስ ማለት ምን ማለት ነው?» አሉኝ።

«የወረቀቱ ስም ነው፣ እማማ» አልኳቸው።

«እሱንማ ሰማሁ። ስም ግን ያለ ምክንያት አይወጣም። ያወጣው ሰው ምን አይቶ ነው?»

መልስ አልነበረኝም። እውነቱን ለመናገር አፈርኩ። ስንት ዓመት ስጠራው የኖርኩት ቃል ምን ማለት እንደሆነ አላውቅም ነበር። እንግዲህ ይህ ንግግር ለእሳቸው ጥያቄ የዘገየ መልስ ነው። የምጠራቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ እናገራለሁ።

በመጀመሪያ ነገሩን እንወቀው። በአሮጌ ዛፍ ግንድ ላይ፣ በቆየ የድንጋይ አጥር ላይ፣ በገደል ፊት ላይ አመድማ ሆኖ ተለጥፎ የሚታይ ነገር አለ። አንዳንዱ እንደ ቅርፊት ነው፤ አንዳንዱም እንደ ጢም ይንጠለጠላል። በአገራችን የዛፍ ሽበት፣ የድንጋይ ሽበት ሲባል ይሰማል። በሳይንስ ስሙ ላይከን ነው። ሊትመስ የሚሠራው ከዚህ ነው። ይሁን እንጂ ማንኛውም ላይከን ቀለሙን አይሰጥም። ከሁሉ ይበልጥ የተፈለገው ሮቼላ የሚባለው ወገን ሲሆን፣ እሱም በባሕር ዳር ገደሎች ላይ የባሕሩን ጉም እየጠጣ የሚያድግ ነው።

የሚያስገርመው ላይከኑ ራሱ ቀይም ሰማያዊም አለመሆኑ ነው። በውስጡ ያለው ንጥረ ነገር ቀለም የለውም። ተፈጭቶ፣ ከአሞኒያ ጋር ተደባልቆ፣ አየር እያገኘ ለሳምንታት ሲቀመጥ ግን ሐምራዊ ይሆናል። በዚያ ዘመን አሞኒያ ከፋብሪካ አይገዛም፤ የሚገኘው ቆይቶ ከሸተተ የሰው ሽንት ነበር። አትሳቁ፤ የመኳንንት ሐምራዊ ልብስ በዚህ መንገድ ነው የተቀለመው። ሊትመስ ሲሠራ ደግሞ በዚህ ላይ ኖራ፣ እንዲሁም ፖታሽ የሚባለው ከእንጨት አመድ የሚወጣ ጨው ይጨመርበታል። ቀለሙ ከቀይ ወደ ሐምራዊ፣ ከሐምራዊ ወደ ሰማያዊ እስኪሄድ ይጠበቃል። ከዚያም ከጠመኔ ወይም ከጂፕሰም ዱቄት ጋር ተለውሶ እንደ ትናንሽ ጡብ እየተቆረጠ ይደርቃል። በዚህ ሥራ ለረጅም ጊዜ የታወቁት ሆላንዶች ነበሩ።

አሁን ወደ ስሙ እንምጣ። ሊትመስ የሚለው ቃል ወደ እኛ የደረሰው በእንግሊዝኛ በኩል ነው። እንግሊዝኛ ግን ከራሱ አላወጣውም፤ በ14ኛው መቶ ዘመን ገደማ ከጥንት የኖርዌይና የአይስላንድ ሰዎች ቋንቋ የወረሰው ነው። በዚያ ቋንቋ «ሊት» ማለት ቀለም ማለት ነው። «ሞሲ» ማለት ደግሞ በእርጥብ ድንጋይ ላይ እንደ ምንጣፍ የሚበቅለው ትንሽ አረንጓዴ ተክል፣ ዛሬ ሞስ የሚባለው ነው። ሁለቱ ሲገጣጠሙ «የቀለም ሞስ» ይሆናሉ።

እስቲ ልብ በሉ፤ ስሙ ስለ አሲድ አንድም ነገር አይናገርም። ስለ ወረቀትም አይናገርም። የሚናገረው ስለ ቀለም ነው። ስሙን ያወጡት በላቦራቶር የተቀመጡ ሊቃውንት አልነበሩም፤ ክርና ልብስ ሊያቀልሙ ከድንጋይ ላይ ፍቀው የሚያመጡ ሰዎች ነበሩ። ኬሚስትሪ የሚባል ትምህርት በቅጡ ሳይቋቋም ቀለሙን ያውቁት ነበር።

ከዚህ ቀለም የሰው ስምም ወጥቷል። በኢጣሊያ አገር፣ በፍሎረንስ ከተማ አንድ የነጋዴ ቤተሰብ ነበር። በ1300 ገደማ ከቤተሰቡ አንዱ ወደ ምሥራቅ ሜዲትራኒያን አገሮች ለንግድ ሄዶ የላይከንን ማቅለሚያ አሠራር አይቶ ተመለሰ ይባላል። ቀለሙ በኢጣሊያንኛ ኦሪቼሎ ይባል ነበር። ቤተሰቡም በዚሁ ንግድ ከመክበሩ የተነሳ ኦሪቼላሪ፣ ኋላም ሩቸላይ ተባለ። ዛሬ ወደ ፍሎረንስ የሄደ ሰው በሳንታ ማሪያ ኖቬላ ቤተ ክርስቲያን ፊት ላይ፣ በላይኛው ክፍል፣ በትልልቅ ፊደል የተጻፈ ስም ያነባል። የጆቫኒ ሩቸላይ ስም ነው፤ ከ1470 ዓመት ጋር ተጽፏል። የሕንጻው ፊት የተሠራው በእሱ ገንዘብ ነውና።

የነጋዴው ስም በእብነ በረድ ላይ ተጻፈ። ላይከኑን የለቀሙትስ? የእነሱ ስም የት አለ?

ከ1402 ጀምሮ አውሮፓውያን በአትላንቲክ ውቅያኖስ የሚገኙትን የካናሪ ደሴቶች መያዝ ሲጀምሩ ከሳቧቸው ነገሮች አንዱ ይኸው የገደል ላይከን ነበር። ከዚያም የኬፕ ቬርዴ ደሴቶች፣ በኋላ ደግሞ የአንጎላና የሞዛምቢክ ጠረፍ ተጨመሩ። ላይከኑ የሚበቅለው በጣም ቁልቁል በሆነ ዓለት ላይ ስለሆነ፣ ለቃሚው በገመድ ታስሮ ከገደሉ አፋፍ ወደ ታች ይወርዳል። ከበታቹ ባሕር ነው። በአንድ እጁ ዓለቱን ይዞ በሌላው ይፍቃል። ገመድ ሲበጠስ ወይም እግር ሲያዳልጥ ሕይወት ይጠፋል። ከለቀመውም ላይ ትርፉ የሚደርሰው ለነጋዴውና ለመንግሥት ነበር። የትኛው ላይከን ቀለም እንደሚሰጥ፣ የትኛው እንደማይሰጥ በዓይኑ ለይቶ የሚያውቀው ግን ለቃሚው ነው። ያ እውቀት ባይኖር ቀለሙም ባልኖረ ነበር።

አሁን ከልብስ ወደ ወረቀት የተሻገረበትን ጊዜ እንይ። በ1664 ሮበርት ቦይል የሚባል በአየርላንድ የተወለደ ሊቅ ስለ ቀለማት መጽሐፍ አሳተመ። በዚህ መጽሐፍ ውስጥ ከቫዮሌት አበባ የተሠራ ሽሮፕ በነጭ ወረቀት ላይ ጠብ ሲደረግ፣ ኮምጣጤ ወይም ሌላ አሲድ ቢነካው ወደ ቀይ፣ የአመድ ጨው ቢነካው ወደ አረንጓዴ እንደሚለወጥ ጻፈ። ቀለም የሚለወጠው በዘፈቀደ እንዳልሆነ፣ ይልቁንም የፈሳሹን ባሕርይ ለመለየት እንደሚያገለግል በሥርዓት አሳየ። ሊትመስም የኬሚስቶች መሣሪያ የሆነው በዚህ ዓይነት ነው። ቦይል ሌላም ነገር አስተምሯል፤ ተፈጥሮን የሚያጠና ሰው የእጅ ባለሙያዎችን መናቅ የለበትም፣ ወደ ሥራ ቦታቸው ሄዶ ሊጠይቃቸውና ሊማርባቸው ይገባል ብሎ ጽፏል።

በነገራችን ላይ ለአቅላሚው ጉድለት የነበረው ለኬሚስቱ ጥቅም ሆነ። ኮምጣጤ ሲፈስበት የሚቀላ ልብስ ማን ይፈልጋል? ለኬሚስቱ ግን የተፈለገው ይኸው መለወጡ ነበር።

ቦይል እንዲህ ቢጽፍም እውቀትን መደበቅ አልቀረም። በስኮትላንድ አገር ካትበርት ጎርደን የተባለ ሰው ከላይከን ሐምራዊ ቀለም የሚያወጣበትን ዘዴ በ1758 በፓተንት አስመዘገበ። ቀለሙንም ከስሙ አዙሮ ካድቤር አለው። ይህን ዘዴ ይዞ ጆርጅ ማኪንቶሽ የተባለ ነጋዴ በ1777 በግላስጎው ከተማ ትልቅ ፋብሪካ አቋቋመ። ሽንቱ በከተማው ካሉ ቤቶች እየተለቀመ ይመጣ ነበር። ፋብሪካው ዙሪያውን በረጅም የድንጋይ አጥር ታጠረ። ሠራተኞቹም የተመረጡት ከደጋማው የስኮትላንድ ክፍል፣ ጌሊክ የሚባለውን ቋንቋ ከሚናገሩ ሰዎች ነበር፤ መኖሪያቸውም እዚያው በአጥሩ ውስጥ ነበር። ይህ ሁሉ ምሥጢሩ እንዳይወጣ ነው። የከተማው ሰው የሚናገረው ሌላ ቋንቋ ነዋ!

ውድ አንባቢዎች፣ እኔ ይህን ባነበብኩ ጊዜ ብዙ አሰብኩ። አጥሩ ሁለት ነበር፤ አንዱ የድንጋይ፣ ሌላው የቋንቋ። ሠራተኞቹ ሥራውን ያውቁታል፤ ቀለሙ መቼ እንደደረሰ በሽታውና በመልኩ የሚለዩ እነሱ ናቸው። ነገር ግን የሚያውቁትን ለሌላ ለማስተላለፍ መንገድ የላቸውም። የድንጋዩን አጥር ሊወጡት ይችሉ ይሆናል፤ ሁለተኛውን ግን በትምህርት ካልሆነ በምን ይወጡታል?

በ1856 ዊልያም ሄንሪ ፐርኪን የሚባል የ18 ዓመት እንግሊዛዊ ወጣት ከድንጋይ ከሰል ዝቃጭ ከሚገኝ ንጥረ ነገር ሐምራዊ ቀለም ሠራ። የፋብሪካ ቀለም ሲስፋፋ የላይከን ቀለም ከልብስ ገበያ ቀስ በቀስ ወጣ። ሊትመስ ግን በትምህርት ቤትና በላቦራቶር ቀረ። በ1909 የዴንማርኩ ኬሚስት ሶረን ሶረንሰን አሲድነት በቁጥር የሚለካበትን፣ ፒኤች የሚባለውን መለኪያ አወጣ። በዚህ መለኪያ 7 መካከለኛ ነው። ሊትመስ ከ4.5 በታች ቀይ፣ ከ8.3 በላይ ሰማያዊ ነው፤ በመካከሉ ሐምራዊ ይሆናል። ስለዚህ ወዴት እንደሚያደላ ይነግረናል እንጂ ምን ያህል እንደሆነ በትክክል አይነግረንም። በዝናባማ ደጋዎቻችን አፈሩ አሲድ የሆነበት ገበሬ ስንት ኖራ መጨመር እንዳለበት ለማወቅ ከዚህ የረቀቀ ምርመራ ያስፈልገዋል።

አንድ ነገር ይቀረኛል። «የቀለም ሞስ» የሚለው ስም ስሕተት አለበት። በ1867 ሲሞን ሽቬንደነር የሚባል የስዊስ ተመራማሪ ላይከን አንድ ተክል አይደለም፣ ሁለት ፍጡራን ተጋግዘው የሚኖሩበት ነው አለ። አንዱ ፈንገስ ነው፤ ሁለተኛው ከፀሐይ ብርሃን ምግብ የሚሠራው አልጌ ነው። በዘመኑ ስለ ላይከን እናውቃለን የሚሉ ብዙ ሊቃውንት ሐሳቡን አልተቀበሉትም፤ ኋላ ግን እውነት መሆኑ ታወቀ። ሞስ ሌላ፣ ላይከን ሌላ። ስሙ ግን የጥንት ሰዎችን እውቀትም ስሕተትም አንድ ላይ ይዞ ቀረ። ስም እንዲህ ነው፤ እንደ አሮጌ ሣጥን፣ ከፍቶ ያየው ሰው የባለቤቱን ኑሮ ያገኝበታል።

ሊትመስ ወረቀት የሌላችሁ በቤታችሁ ልትሞክሩት ትችላላችሁ። ጥቂት ከርከዴ በሙቅ ውሃ ዘፍዝፉና በሁለት ብርጭቆ ክፈሉት። በአንዱ ሎሚ ጨምቁበት፤ በሌላው የአመድ ውሃ ጠብ አድርጉበት። የመጀመሪያው ቀይ እንደሆነ ይቆያል፤ ሁለተኛው ቀይነቱን ትቶ ወደ ሰማያዊ ወይም ወደ አረንጓዴ ይሄዳል። ቦይል በቫዮሌት አበባ ያየውም የዚህ ዓይነት ለውጥ ነው። የአመዱን ውሃ የጨመራችሁበትን ግን እንዳትጠጡት፤ ልጆችም እንዳይነኩት አደራ።

ወደ እኒያ እናት ልመለስ። ይህን ሁሉ አጥንቼ በሚቀጥለው ሳምንት በክፍል ውስጥ ነገርኳቸው። ዝም ብለው ሰሙኝ። በመጨረሻ፣ «የነጋዴው ስም ተጽፏል አልክ። በገመድ ይወርዱ የነበሩትስ?» አሉ።

«አልተጻፈም፣ እማማ» አልኩ።

«መጻፍ ስለማይችሉ ነዋ» አሉና ደብተራቸውን ገለጡ። እርሳሱን ጠበቅ አድርገው ይዘው፣ ከገጹ አናት ላይ «ሊትመስ፣ የቀለም ሽበት» ብለው ጻፉ። ከሥሩም የራሳቸውን ስም እስከነአባታቸው ጻፉ። የመጨረሻው ፊደል ትንሽ ተጣሞ ነበር። አላረምኩትም፤ ይነበባልና።

እናንተም የምታውቁት ሙያ አለ፤ ፈትል፣ ሽመና፣ ቆዳ ማልፋት፣ እርሻ። አሠራሩንና የዕቃዎቹን ስም በደብተራችሁ ጻፉት። የስሙን ትርጉም የማታውቁት ካለ ሽማግሌ ጠይቁ፤ መምህራችሁንም ጠይቁ። እኔን እንዳስደነገጡኝ ያስደነግጡት ይሆናል፤ ግዴለም፣ መምህርም በጥያቄ ይማራል።

ለዛሬ በዚህ አበቃሁ።