ዜና መምህራነ ምትሃት ዘላስ ቬጋስ

ፈረንጆች 1991 ብለው በቆጠሩት ዓመት፣ በእኛ ዘንድ ሉቃስ ዘመኑን ለዮሐንስ ባስረከበበት ወራት፣ ጄፍ ማክብራይድ የሚባሉ አሜሪካዊ ምትሃተኛ ትምህርት ቤት አቋቋሙ። ስሙንም የምትሃትና የምስጢር ትምህርት ቤት አሉት። በዚያው ዓመት ግንቦት 20 ቀን ኢሕአዴግ አዲስ አበባ ገብቶ ነበርና፣ በአገራችን ይህን ወሬ ልብ ያለው ሰው አልነበረም። የትምህርት ቤቱም መንበር ዛሬ በኔቫዳ በረሃ በተቆረቆረችው በላስ ቬጋስ ነው።

አንባቢ ሆይ፣ ምትሃት ሲባል ድግምትና ጥንቆላ አይምሰልህ። በዚህ ትምህርት ቤት ጋኔን የሚጠራ የለም። ማክብራይድ የጃፓኑን የካቡኪ ቲያትር ተምረው ጭምብልን ከእጅ ቅልጥፍና ጋር ያዋሐዱ የመድረክ ሰው ናቸው፤ የሚያስተምሩትም ይህንኑ ነው። ነገር ግን ምትሃተኛ ሁሉ ሳይማረው የማያልፍ አንድ ምዕራፍ አለ፤ እርሱም የጊዜ ነገር ነው። የተመልካችን ዐይን ማታለል ለጀማሪ ነው። የተመልካችን ትዝታ አዛብቶ፣ ኋላ የሆነውን ፊት፣ ፊት የሆነውን ኋላ ማድረግ ግን የሊቃውንቱ ድርሻ ነው።

የነገሥታት ታሪክ ከትውልድ ሐረግ እንደሚጀምር፣ የምትሃተኞችንም ሐረግ እንቁጠር።

በ1837 ዓ.ም.፣ በሸዋ ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ነግሠው ሳሉ፣ በፈረንሳይ አገር ዣን ኡዤን ሮቤር ኡዳን የሚባል ሰው በፓሪስ ቲያትር ከፈተ። ይህ ሰው ሙያው ሰዓት ሠሪነት ነበረ። የሠራውም ሰዓት ፊቱ መስታወት ብቻ ሆኖ፣ ዘዋሪው የት እንደተሸሸገ ሳይታወቅ ቀስቶቹ ይዞሩ ነበር። በመድረኩ ላይ ደግሞ አንዲት የብርቱካን ዛፍ አቆመ። ዛፏም በሕዝብ ፊት አበበች፤ አፈራችም፤ እርሱም እውነተኛውን ብርቱካን ቆርጦ ለተመልካች ወረወረ። የወራትን ሥራ በደቂቃ ጨረሰው። ከእርሱ በኋላ የተነሣው ስመ ጥሩው ምትሃተኛ ሁዲኒም ስሙን ያወጣው ከዚሁ ከኡዳን ነው።

ከዚህም በኋላ በስፔን አርቱሮ ደ አስካኒዮ ተነሣ። ይህ ሰው ጠበቃ ነበርና፣ የምትሃትን ነገር እንደ ሕግ አንቀጽ አብራራው። በምስጢሩ ሥራና በተአምሩ መካከል የመርሳት ቅንፍ ይከፈት አለ። ለምሳሌ ሳንቲም በሚጠፋበት ጨዋታ፣ ሳንቲሙ ከእጅ የሚወጣው ተመልካች ገና ጨዋታው መጀመሩን ሳያውቅ ነው። ቀጥሎ ወግ ይወጋል፣ አንድ ጥያቄ ይጠየቃል፣ ሳቅ ይሳቃል። ጡጫው ሲከፈት ሳንቲሙ የለም። ተመልካቹም «አሁን ጠፋ» ብሎ ይምላል፤ ከጠፋ ግን ቆይቷል።

ወደ ላስ ቬጋስ እንመለስ። ከትምህርት ቤቱ መምህራን ዋናው ዩጂን በርገር ነበሩ። እኒህ ሰው የቺካጎ ሰው ነበሩ፤ ጢማቸው ረጅም፣ ድምፃቸው ወፍራም ነበረ። በዬል ዩኒቨርሲቲ ነገረ መለኮት ተምረዋል። በእኛ አገር ቢሆኑ የኔታ መባላቸው አይቀርም ነበር።

ዓመተ ዓለሙ 7499፣ ዘመኑ ሉቃስ፣ አበቅቴው 12፣ መጥቅዑም 18 በሆነ ዓመት፣ ይኸውም 1999 ዓ.ም. ከሰኔ 15 እስከ 18፣ የንቃተ ኅሊና ተመራማሪዎች በዚህችው በላስ ቬጋስ ጉባኤ አደረጉ። ከአሪዞና የመጡት ሱሳና ማርቲኔዝ ኮንዴና ስቲቨን ማክኒክ የሚባሉ የአንጎል ተመራማሪዎች ምትሃተኞችን ጋበዙ። በመድረክ ላይ ዝም በማለት የታወቀው ቴለር መጣ፤ ማክ ኪንግ፣ ጄምስ ራንዲና ጆን ቶምሰንም መጡ። አፖሎ ሮቢንስም መጣ።

ይህ ሮቢንስ ኪስ አውላቂ ነው፤ ግን የወሰደውን ይመልሳል። የቀድሞውን የአሜሪካ ፕሬዚዳንት የካርተርን ጠባቂዎች ኪስ አውልቆ ስሙ የገነነ ነው። የእጅ ሰዓት ሲሰርቅ፣ አስቀድሞ የሰውየውን አንጓ ጠበቅ አድርጎ ይጨብጣል። ቆዳ የተጫነውን ነገር ቶሎ አይረሳምና፣ ሰዓቱ ከወለቀ በኋላም ሰውየው እጁ ላይ ያለ ይመስለዋል። ሰዓቱ በሌባው እጅ፣ ስሜቱ በባለቤቱ እጅ ይቀራል። የዘመኑ ሊቃውንት ብዙ መሣሪያ ይዘው የሚመረምሩትን ነገር ይህ ሰው በሁለት ጣቱ ሲሠራበት ኖሯል። በ2001 ዓ.ም. ተመራማሪዎቹና ምትሃተኞቹ ስማቸውን አብረው አስፍረው በኔቸር ሪቪውስ ኒውሮሳይንስ መጽሔት ጽሑፍ አወጡ።

ስለ ከተማይቱም ጥቂት እንጻፍ፤ እርሷ ራሷ የዚህ ጥበብ ደቀ መዝሙር ናትና። አብዛኞቹ የቁማር አዳራሾች በግድግዳቸው ሰዓት፣ በጎናቸው መስኮት የላቸውም። በ1984 ዓ.ም. በተከፈተው በሲዛርስ ፓላስ የገበያ አዳራሽ ጣሪያው ሰማይ ተደርጎ ተሥሏል፤ በመብራት ኃይልም ጎህ ይቀድዳል፣ ይመሻል፣ መልሶም ይነጋል። ሸማቹ በአንድ ከሰዓት በኋላ ስንት ቀን እንደዋለ እንጃለት።

በዚህ ሁሉ መካከል የማይታለሉ ቢኖሩ ታክሲ ነጂዎቹ የእኛው ልጆች ናቸው። ኢትዮጵያውያን በላስ ቬጋስ ብዙዎች ናቸው፤ ብዙዎቹም መሪ ይዘው ያደሩ ናቸው። ከሁለት ሰዓት አቆጣጠርና ከሁለት ዘመን አቆጣጠር ጋር መኖርን ለምደዋል። የመድረኩ ትርዒት በ7 ሰዓት ይጀምራል ሲባል ለእነርሱ ከምሽቱ 1 ሰዓት ነው። እናት አዲስ አበባ ላይ ስልክ ሲያነሡ ደግሞ፣ እንደ ወራቱ 10 ወይም 11 ሰዓት ቀድመው ነገን ጀምረውታል። ዓመተ ምሕረቱም በሰባት ወይም በስምንት ዓመት ወደ ኋላ ይላል። ለዚህ ሁሉ ማንም ምትሃት አላስተማራቸውም።

ዩጂን በርገርም ነሐሴ 2 ቀን 2009 ዓ.ም.፣ በዘመነ ማቴዎስ፣ በ78 ዓመታቸው ዐረፉ። ከሮበርት ኒል ጋር የጻፉት የምትሃትና የትርጉም መጽሐፍ በተማሪዎቻቸው ዘንድ ቀርቷል። ከእርሳቸው ጋር ያስተምሩ የነበሩት የፍልስፍና ምሁሩ ላሪ ሐስም ሥራቸውን ሰብስበው ማሳተም ያዙ፤ ጄፍ ማክብራይድም ማስተማራቸውን ቀጠሉ።