ማን ነገረህ?

ባለፈው ጥር የወጣቶች ኅብረታችን ከባሕር ዳር ተነሥቶ ለሁለት ቀን ወንዛዬ ሄዶ ነበር። ወንዛዬን የማታውቁ ካላችሁ፣ በጉማራ ወንዝ አጠገብ ያለ ፍል ውሃ ነው። ወገቡን ያመመው፣ ቆዳው የቆሰለ፣ ድካም የበዛበት ሁሉ ይሄዳል። «እገሌ ተሸክመውት መጥቶ በእግሩ ተመለሰ» የሚል ወሬ እዚያ አይጠፋም። ማታ እሳት ከበን ስንቀመጥ የማስተምረው ርእስ «እምነትና አእምሮ» ነበር። እንደ ልማዴ ስለ ዘርዐ ያዕቆብ አወራሁ። ከጣና በስተ ሰሜን ምሥራቅ፣ እዚሁ እንፍራዝ ላይ፣ ከ350 ዓመት በፊት፣ ሰው የሰማውን ሁሉ ሳይመረምር እንዳይቀበል ያስተማረ ኢትዮጵያዊ ፈላስፋ ነበረን እያልሁ ድምፄን ከፍ አደረግሁ።

አንዲት የዩኒቨርሲቲ ሁለተኛ ዓመት ተማሪ እጇን አነሣች።

«ጋሼ፣ ይህን ማን ነገረህ?»

ሁሉም ሳቀ፤ እኔም ሳቅሁ። «መጽሐፍ ላይ አንብቤ» አልኋት።

«መጽሐፉንስ የጻፈው እሱ ለመሆኑ ማን ነገረህ?»

መሽቷል ብዬ በጸሎት ዘጋሁ። እውነቱን ልንገራችሁ፤ ያ ጸሎት መልስ ማጣቴን የሸፈንሁበት ነበር።

ይህ ጽሑፍ ያን ማታ ልሰጣት ይገባኝ የነበረው መልስ ነው። ዘመኖቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር እጽፋለሁ።

መጀመሪያ መጽሐፉ ስለ ራሱ የሚለውን እንስማ። ስሙ «ሐተታ» ነው፤ መመርመር፣ መጠየቅ ማለት ነው። የተጻፈው በግዕዝ ነው። ዘርዐ ያዕቆብ በ1599 አክሱም አጠገብ ከድሃ ገበሬ ቤት ተወለደ። ድምፁ ለዜማ አልሆን ስላለ ወደ ቅኔ ተሻገረ፤ ከዚያም የመጻሕፍትን ትርጓሜ ለዓመታት ተማረ። አክሱም ተመልሶ ማስተማር ሲጀምር ዘመኑ ክፉ ሆኖ ቆየው።

ያን ዘመን ከታሪክ ክፍለ ጊዜ ታስታውሱታላችሁ። ዐፄ ሱስንዮስ በ1622 የካቶሊክን እምነት በይፋ ተቀበለ። በ1625 ፓትርያርኩ አፎንሶ ሜንዴዝ መጣ፤ አገሩ ሁሉ እምነቱን እንዲለውጥ ታዘዘ። እንቢ ያለው ተነሣ፣ ንጉሡም ወታደር ላከ፣ ደም ፈሰሰ። በ1632 ሱስንዮስ ሕዝቡ ወደ ቀደመ ሃይማኖቱ ይመለስ ብሎ ዐወጀ፤ ዙፋኑንም ልጁ ፋሲለደስ ያዘ። ነገሩ እዚያ አላበቃም። በ1638 አጋታንጌሎስና ካስያን የተባሉ ሁለት የካፑቺን መነኮሳት ጎንደር ላይ ተሰቀሉ። በ16 ዓመት ውስጥ አሳዳጁና ተሳዳጁ ቦታ ተለዋወጡ ማለት ነው። ሁለቱም ወገን ግን ስለ እውነቱ አንድም ጥርጥር አልነበረውም።

የካፑቺንን ስም በልባችሁ ያዙልኝ፤ እመለስበታለሁ።

ዘርዐ ያዕቆብ በዚህ መካከል ሲያስተምር «ፈረንጆች እንዲህ ይላሉ፣ ግብጻውያን ደግሞ እንዲህ ይላሉ» እያለ የሁለቱንም ትርጓሜ ያቀርብ ነበር። ማንንም አላስደሰተም። አንድ ጠላቱ የሆነ ካህን ንጉሡ ዘንድ ከሰሰው፤ እሱም ጥቂት ወርቅና መዝሙረ ዳዊቱን ይዞ በሌሊት ሸሸ። ተከዜ አጠገብ ዋሻ አግኝቶ ሁለት ዓመት ያህል ተቀመጠ።

ሐሳቡ የሚጀምረው እዚያ ዋሻ ውስጥ ነው። በዳዊት ይጸልያል፤ ይጸልይና ቆም ይላል። የምጸልይለት በእርግጥ የሚሰማኝ አለን? ከማን ልጠይቅ? ካቶሊኩ የእኔ ትክክል ነው ይላል፤ ግብጻዊው የእኔ ይላል፤ እስላሙም አይሁዱም እንዲሁ። ዳኛ የሚሆን ሰው የለም፤ ሁሉም ተከራካሪ ነው። ስለዚህ ወደ ራሱ ተመለሰ። እኔን ማን ፈጠረኝ? ወላጆቼ ቢባል እነርሱንስ ማን? እንዲህ እያለ ወደ ኋላ ሄዶ ያልተፈጠረ ፈጣሪ ላይ ደረሰ። ልቡና የሰጠን ፈጣሪ እርሱ ራሱ ልቡና የሌለው ሊሆን አይችልም ብሎም ደመደመ። እንግዲህ ይህ የሰው ልቡና ከእግዚአብሔር የተሰጠ ብርሃን ነው፤ በእርሱ ፈትነህ ከፍጥረት ሥርዓት ጋር የሚስማማውን ያዝ፣ የማይስማማውን ጣል። መንገዱ ባጭሩ ይህ ነው።

በዚህ መንገድ ሄዶ ምን ጣለ ብትሉ፣ ብዙ። ምንኩስና ከጋብቻ ይበልጣል የሚለውን ጣለ። የጾምን ሕግ ጣለ። የሰው ባርነትን የሚፈቅድን ሕግ ጣለ። ከኦሪትም አንዳንዱን ጣለ። እኛ ወንጌላውያን የመጀመሪያዎቹን ስናነብ «አሜን» ለማለት እንቸኩላለን። ቀስ በሉ። በዚያው ሚዛን ተአምራትንና መገለጥንም ነው የጣለው። ሰውዬው የእኛ ወገን አይደለም፤ የማንም ወገን አይደለም። እኔ ከእርሱ ጋር የምለያይበት ቦታ ግልጽ ነው፦ ልቡናን እንደ ንጹሕ መስታወት ያየዋል፣ እኔ ደግሞ መስታወቱ ራሱ ተሰንጥቋል ብዬ አምናለሁ። ይሁን እንጂ ስንጥቁን ያየሁትም በዚያው መስታወት ስለሆነ ክርክሩን በቀላሉ ረታሁ አልልም።

ሱስንዮስ ከሞተ በኋላ ከዋሻው ወጥቶ እንፍራዝ ደረሰ። ከባሕር ዳር ወደ ጎንደር ስትሄዱ ወረታንና አዲስ ዘመንን አልፋችሁ የምታገኟት፣ ከኮረብታው ላይ የጉዛራ ቤተ መንግሥት የሚያያት ከተማ ናት። እዚያ ሀብቱ የተባለ ባለጸጋ ቤት ዳዊት እየጻፈ፣ ልጆች እያስተማረ ኖረ። የቤቱን አገልጋይ ኂሩትን ሊያገባ ሲጠይቅ፣ ሀብቱ ከእንግዲህ ያንተ አገልጋይ ትሁን አለው። ዘርዐ ያዕቆብ ግን አገልጋይ ሳይሆን ሚስት እንደሚፈልግ ነገረው፤ በጋብቻ ባልና ሚስት እኩል ናቸውና። በ1667፣ ከተማሪዎቹ አንዱ ወልደ ሕይወት ስለ ጠየቀው ሕይወቱንና ሐሳቡን ጻፈ። ወልደ ሕይወትም በኋላ የራሱን ሐተታ ጨመረ።

ሬኔ ደካርት በአውሮፓ ሁሉን ተጠራጥሮ ከዜሮ ልጀምር ያለበትን መጽሐፍ ያሳተመው በ1637 ነው። ዘርዐ ያዕቆብ ዋሻ የገባው ከዚያ በፊት ነው። ኩራት ቢሰማችሁ አልፈርድም። እኔም ስንት ጊዜ በዚህ ኩራት አስተምሬአለሁ።

አሁን ወደ ልጅቱ ጥያቄ።

ይህን ሁሉ የነገረን ማን ነው? በ1850ዎቹ መጀመሪያ ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ የተባለ ጣሊያናዊ መነኩሴ በጌምድር ውስጥ ይኖር ነበር፤ በጋይንት ቤተ ልሔም፣ በድጓ ትምህርቷ ስሟ በሚጠራው። ግዕዝ አጥንቷል፤ ሰዋስውና መዝገበ ቃላት ያዘጋጅ ነበር። ፓሪስ ለሚኖረው አንቷን ዳባዲ ለተባለ ምሁር የኢትዮጵያ መጻሕፍትን ይልክለት ነበር። በ1853 ልዩ መጽሐፍ አገኘሁ ብሎ በገዛ እጁ የገለበጠውን ሐተታ ላከ። ሁለተኛው ቅጂ፣ የወልደ ሕይወትንም የያዘው፣ እንዲሁ በእርሱ በኩል ሄደ። ጁስቶን ዐፄ ቴዎድሮስ በ1855 ከአገር አስወጣው፤ በተከታዩ ዓመት ካርቱም ላይ ሞተ። ማኅበሩም ካፑቺን ነበር፤ ጎንደር ላይ የተሰቀሉት የእነዚያ የሁለቱ ማኅበር።

በ1904 ኤኖ ሊትማን የተባለ ጀርመናዊ ጽሑፉን አሳተመው፤ ዓለምም ተደነቀ። በ1920 ግን ጣሊያናዊው ካርሎ ኮንቲ ሮሲኒ ተነሥቶ «ይህን የጻፈው ጁስቶ ራሱ ነው» አለ። ማስረጃው ምን ነበር? አንዱ የሰው ቃል ነው፤ አባ ተክለ ሃይማኖት የተባሉ ኢትዮጵያዊ የካቶሊክ ቄስ የተናገሩት። ሌላው የጁስቶ ደብዳቤዎች ናቸው፤ ስለ ሃይማኖት የሚያስበው ከሐተታው ጋር ይቀራረባል። ሦስተኛው ስሙ ነው፤ ከመመንኮሱ በፊት ያኮፖ፣ ማለትም ያዕቆብ ይባል ነበር። ከዚህ ሁሉ ይልቅ እኔን ዝም የሚያሰኘኝ አራተኛው ነው፦ በምሁራኑ ክርክር ላይ የቀረቡት ሁለቱም ቅጂዎች የመጡት በአንድ ሰው እጅ ነው።

የእኛ ሊቃውንት ዝም አላሉም። አለማየሁ ሞገስና አምሳሉ አክሊሉ ተከራከሩ። ግዕዙ ቅኔ ቤት ያደገ ሰው ግዕዝ ነው፤ ዳዊቱ ከአፉ የማይጠፋ፣ የአገሩን ኑሮ ከውስጥ የሚያውቅ ሰው ነው፤ ጥቂት ዓመት የኖረ ፈረንጅ ይህን አይጽፍም የሚል ነው ነገሩ። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ፍልስፍና ያስተማሩት ካናዳዊው ክላውድ ሳምነር በ1970ዎቹ ሰፊ ጥናት አድርገው ከዘርዐ ያዕቆብ ጎን ቆሙ። ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ መጀመሪያ ከተጠራጣሪዎቹ ጋር ነበሩ፤ ከብዙ ዓመት በኋላ ጽሑፉን ደግመው መርምረው የኢትዮጵያዊ ሥራ ነው ወደ ማለት ተመለሱ። (አንድ ትልቅ ሊቅ «ተሳስቼ ነበር» ሲል ስንት ጊዜ ሰምታችኋል? እኔ ስለዚህ ብቻ እንኳ አከብራቸዋለሁ።) በ2013 ደግሞ አናይስ ዊዮን የተባለች ፈረንሳዊት የታሪክ ተመራማሪ ደብዳቤዎቹንና ቅጂዎቹን እንደገና አገላብጣ ጸሐፊው ጁስቶ ነው ብላ ጻፈች። ክርክሩ ዛሬም አልተዘጋም።

እናንተ ብትሆኑ በምን ትመዝኑታላችሁ? ሚዛን ላይ መውጣት የሌለባቸውን ሁለት ነገሮች አስቀድሜ ላውርድ። «እንዲህ ያለ ሐሳብ ከኢትዮጵያዊ ራስ አይወጣም» የሚለው ማስረጃ አይደለም፤ ንቀት ነው፤ በዚህ ክርክር ውስጥ ግን ገብቶ ሠርቷል። «የእኛ መሆን አለበት» የሚለውም ማስረጃ አይደለም፤ ፍቅር ነው። ያን ማታ ወንዛዬ ላይ ድምፄን ከፍ ያደረገው ይህ ሁለተኛው ነው። የቀረውን ስመዝን፣ የቅጂዎቹ ጉዳይ ከብዶ ሚዛኔ ትንሽ ወደ ጁስቶ ያዘነብላል። ልቤ ደግሞ እንፍራዝ ነው ያለው። ነገ ከአንድ ደብር ዕቃ ቤት ከ1850 በፊት የተጻፈ አንድ ብራና ቢወጣ ሚዛኔ በአንድ ቀን ይገለበጣል፤ ደስታዬንም አልችለውም።

ነገሩን ስታዩት ግን አስገራሚ ነው። ከሰው የሰማኸውን አትመን የሚለው መጽሐፍ የደረሰን በአንድ ሰው ቃል ነው። እውነተኛነቱን የምንመረምረውም በሌሎች ሰዎች ቃል ነው፤ በደብዳቤ፣ በወሬ፣ በምስክር። ከዋሻው ውስጥ ሆነህ በልቡናህ ብቻ ጁስቶ ዋሽቷል ወይስ አልዋሸም የሚለውን መፍታት አትችልም። የተወለዳችሁበትን ቀን የምታውቁት በማን ነው? እናታችሁ ነግራችሁ ነው። ቀኑ እውነት ነው፤ እናንተ ግን አላያችሁትም፤ ማለቴ ነበራችሁ፣ አታስታውሱትም። ከምናውቀው አብዛኛው እንዲህ ነው። ዘርዐ ያዕቆብ፣ ወይም በስሙ የጻፈው፣ ምስክርን ሁሉ ወደ ጎን ብሎ ልቡናን ብቻውን ዳኛ አደረገ። ዳኛ ግን ምስክር ካልሰማ በምን ይፈርዳል?

ሉቃስ ወንጌሉን ሲጀምር የሚለውን አሁን ደግማችሁ አንብቡት፤ ሉቃ. 1፥1-4። በዓይናቸው ያዩ እንዳሉ ይናገራል፤ እሱ ራሱ ከመጀመሪያው ጀምሮ እንደ መረመረ ይናገራል፤ ቴዎፍሎስ የተማረውን ነገር እርግጡን እንዲያውቅ እንደ ጻፈለት ይናገራል። ጳውሎስም ለቆሮንቶስ ሰዎች ትንሣኤውን ያዩ ከአምስት መቶ የሚበልጡ እንዳሉ፣ የሚበዙትም ገና በሕይወት እንዳሉ ሲጽፍ፣ ሄዳችሁ ጠይቁ ያለ ያህል ነው። እኛ ግን በኅብረታችን «ጌታ እንዲህ አለኝ» ሲባል «እንዴት አወቅህ?» ብሎ የሚጠይቅን ወጣት በመንፈሳዊ ድካም እንጠረጥረዋለን። ከዚያ ያው ወጣት ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ጠያቂ መምህር ሲያጋጥመው መልስ ያጣል፤ አንዳንዱም በዚያው ሄዶ ይቀራል። በስም የማውቃቸው አሉ።

ባለፈው ሳምንት ለልጅቱ ደወልሁላት። የያዝሁትን ሁሉ ነገርኋት፤ የሚዛኔን ማዘንበልም ጭምር። ዝም ብላ ሰማችኝና «ከእንግዲህ ዘርዐ ያዕቆብን አታስተምርም ማለት ነው?» አለችኝ።

«አስተምራለሁ። ከጁስቶ ጋር አብሬ አስተምራለሁ።»

«እሺ» አለች፤ ትንሽ ቆይታም፣ «ጋሼ፣ ሉቃስንስ እንዲሁ እንመዝነው?»

ይህን ጊዜ በጸሎት አልዘጋሁም። በሚቀጥለው ቅዳሜ ከሰዓት እንጀምራለን። ደብተር ይዛችሁ ኑ።