የአይዳ ድምፅ

አዲስ አበባን ከደቡቡ ፉሪ እስከ ሰሜኑ እንጦጦ ግርጌ ላዳረሰ ሰው አይዳ የሚለው የሴት ስም እንግዳ አይደለም። ስሙን በዓለም ያሰራጨው የጣሊያኑ የሙዚቃ ደራሲ ጁሴፔ ቬርዲ ለመድረክ ያበቃው ኦፔራ ነው። በዚህ ድርሰት ውስጥ አይዳ በፈርዖኖች ዘመን ተማርካ በግብፅ ቤተ መንግሥት በባርነት የምታገለግል የኢትዮጵያ ልዕልት ናት። የምታፈቅረው ራዳሜስ፣ የአባቷን የንጉሥ አሞናስሮን ሠራዊት ሊወጋ የሚዘምት የግብፅ የጦር አለቃ ነው።

ድርሰቱን ለካይሮ ኦፔራ ቤት ያስጻፈው የግብፁ ገዥ ኬዲቭ እስማኤል ሲሆን፣ ለቬርዲ የተከፈለው ዋጋ 150,000 ፍራንክ ነበር። ለትርኢቱ የተዘጋጁት አልባሳትና የመድረክ ሥዕሎች በጦርነት በተከበበችው ፓሪስ ታግተው ስለ ቆዩ፣ ኦፔራው ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው ዘግይቶ እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 24 ቀን 1871 ነው። በመድረኩ ላይ ኢትዮጵያ ትሸነፋለች፤ ምርኮኞቿም በድል አድራጊው ፊት ይነዳሉ። ከአራት ዓመት በኋላ ይኸው ገዥ እውነተኛ ጦር ወደ ኢትዮጵያ አዘመተ። በ1868 ዓ.ም. በጉንዴትና በጉራዕ የዓፄ ዮሐንስ ፬ኛ ሠራዊት ድል ነሣው። በካይሮ መድረክ የታየው ድል በጦር ሜዳ ተገለበጠ።

አይዳን የምትጫወተው ሶፕራኖ፣ ማለትም ከሴቶች ድምፅ ከፍተኛውን እርከን የያዘች ዘፋኝ ናት። የኦፔራ ዘፋኝ ያለ ድምፅ ማጉያ ሙሉ ኦርኬስትራን አልፋ እስከ አዳራሹ የመጨረሻ ረድፍ መሰማት አለባት። አይዳ በሁለተኛው ገቢር ከመዘምራኑና ከነሐስ መለከቶቹ በላይ ትወጣለች፤ በሦስተኛው ደግሞ በዓባይ ዳርቻ ብቻዋን ቆማ ዳግመኛ ስለማታያት አገሯ እየዘፈነች፣ በለሰለሰ ድምፅ እጅግ ከፍ ያለ ኖታ ትነካለች። ይህን የኢትዮጵያዊት ሚና ለብዙ ዓመታት የተጫወቱት ፊታቸውን ጥቁር ቀለም የተቀቡ ነጭ ዘፋኞች ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1933 ጥቁር አሜሪካዊቷ ካቴሪና ጃርቦሮ በኒውዮርክ፣ በ1958 ደግሞ ግሎሪያ ዴቪ በሜትሮፖሊታን ኦፔራ አይዳን ተጫወቱ። ሚናውን ከስሟ ጋር አጣምራ ለትውልድ ያስተላለፈችው ግን ሊዮንቲን ፕራይስ ናት።

ሊዮንቲን እ.ኤ.አ. የካቲት 10 ቀን 1927 የዘር መድልዎ በሕግ በጸናበት በሚሲሲፒ ግዛት፣ ሎረል በምትባል ከተማ ተወለደች። አባቷ የእንጨት መሰንጠቂያ ሠራተኛ፣ እናቷ አዋላጅና የቤተ ክርስቲያን መዘምር ነበሩ። ወላጆቿ የቤታቸውን የሸክላ ማጫወቻ ለቅድሚያ ክፍያ አሳልፈው ፒያኖ ገዙላት። ልጅ ሳለች ታላቋን ጥቁር ዘፋኝ ማሪያን አንደርሰንን ስትዘፍን መስማቷ ሕልሟን ወሰነላት። ይሁን እንጂ ወደ ኦሃዮ ኮሌጅ የገባችው የሙዚቃ መምህርት ለመሆን ነበር። ተሰጥዎዋ ሲታወቅ፣ ዘፋኙ ፖል ሮብሰን ለትምህርቷ ወጪ የሚሆን ኮንሰርት አቀረበላት፤ አክስቷ በቤት ሠራተኛነት የምታገለግለው ባለጸጋ ቤተሰብም ረዳት፤ በኒውዮርክ ጁሊያርድ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ገባች።

በዚያ ያሠለጠነቻት ፍሎረንስ ፔጅ ኪምቦል ናት። የመምህርቷ ዋና ትምህርት ዘፋኝ ከወለዱ እንጂ ከዋናው ገንዘብ አታውጣ የሚል ነበር፤ ድምፅን እስከ ጥጉ እየገፉ ማባከን እንደማይገባ ማስተማሯ ነው። ይህን ለመረዳት የዜማ ቤታችንን ማሰብ ይበቃል። የድጓ ተማሪ ዓመታት የሚፈጀውን ትምህርት የሚያልፈው እየደጋገመ፣ መምህሩ እያረመው ነው። የሶፕራኖም ትምህርት ትንፋሽን መግዛት፣ ቃሉን ማጥራት፣ ከዝቅተኛው ወደ ከፍተኛው ድምፅ ስፌቱ ሳይታይ መሻገር ነው።

ሊዮንቲን እ.ኤ.አ. በ1952 በፖርጊና ቤስ ኦፔራ የአሜሪካንና የአውሮፓን መድረኮች ዞረች። በ1955 በቴሌቪዥን ቶስካን ስትጫወት በደቡብ ያሉ አንዳንድ ጣቢያዎች አናስተላልፍም አሉ። በ1957 በሳን ፍራንሲስኮ ለአይዳ የተመደበችው ዘፋኝ ስትታመም ተተክታ ሚናውን ለመጀመሪያ ጊዜ በመድረክ ተጫወተች፤ በ1958 በቪየናና በለንደን፣ በ1960 በሚላኑ ላ ስካላ ደገመችው። ጥር 27 ቀን 1961 በሜትሮፖሊታን ኢል ትሮቫቶሬን ስትጫወት ጭብጨባው ከ40 ደቂቃ በላይ እንደ ቆየ ይነገራል።

በዚያው ዓመት መኸር ግን ሥራ በዝቶባት በአንድ ትርኢት መካከል ድምፅዋ ከዳት፤ የመጨረሻውን ገቢር ሌላ ዘፋኝ ተተክታ ፈጸመችው። ሊዮንቲን ዕረፍት ወሰደች፤ ከዚያ ወዲህም የሚቀርቡላትን ሚናዎች እየመረጠች መቀበልን፣ ለድምፅዋ የማይስማማውን መተውን ልማድ አደረገች። የኪምቦል ትምህርት ሙሉ ትርጉሙን ያገኘው ያን ጊዜ ነው። ብዙ ዘፋኞች ድምፃቸው ከደከመ በኋላ በመድረክ ሲቆዩ እርስዋ ገና በኃይሏ ሳለች ለመውጣት የበቃችው በዚህ ቁጥብነት ነው።

የኦፔራ ስንብቷ እ.ኤ.አ. ጥር 3 ቀን 1985 በሜትሮፖሊታን በአይዳ ሆነ፤ ትርኢቱም በቴሌቪዥን በቀጥታ ተላለፈ። ዘመኑ በእኛ አቆጣጠር 1977 ዓ.ም.፣ የኢትዮጵያ ስም በዓለም ዜና ከረኀብ ጋር ተያይዞ ዘወትር የሚነሣበት ወቅት ነበር። በዚያ ምሽት 58 ዓመት ሊሞላት ጥቂት የቀራት የእንጨት ሠራተኛ ልጅ በዓባይ ዳርቻ ትዕይንት ቆማ የኢትዮጵያዊቷን የአገር ናፍቆት ዘፈነች። የመጨረሻው ከፍተኛ ኖታ ሳይሰበር ወጣ፤ አዳራሹም ለረጅም ጊዜ አጨበጨበ።