በእጅ የተሠራ የሬዲዮ ፕሮግራም ማድረጊያ ገመድ
ለኬንውድ የመኪና መገናኛ ሬዲዮ
የኔትወርክ ገመድ፣ ማክስ232 ቺፕ፣ ካፓሲተሮች፣ ባለ 9 ቀዳዳ ሲሪያል መሰኪያ

እንዲህ ያለው የሥራ ሬዲዮ ፍሪኩዌንሲው የሚሞላው ከኮምፒውተር ነው። ፋብሪካው ለዚሁ ኬፒጂ-46 የተባለ ገመድ ያቀርባል፤ ብየዳ የሚችል ግን ራሱ ይሠራዋል።

ጣጣው ቮልቴጁ ላይ ነው። የኮምፒውተሩ ሲሪያል ፖርት ከዜሮ በላይና በታች እስከ 15 ቮልት ሊያወጣ ይችላል፤ የሬዲዮው ፕሮሰሰር የሚያውቀው ዜሮና 5 ቮልትን ብቻ ነው። በቀጥታ ቢያያዙ ተጎጂው ሬዲዮው ነው። ማክስ232 መሃል ገብቶ ያስማማቸዋል። በዙሪያው የተበየዱት 4 ካፓሲተሮች ከሌሉ ግን ከ5 ቮልት ተነሥቶ ከዜሮ በታች መውረድ አይችልም።

ጫፉን ጠጋ ብለው ይመልከቱ፦ አርጄ45 ነው፤ የሚሰካውም በማይክሮፎኑ ቦታ ነው። ለመናገር ቁልፉ ሲጫን ሬዲዮውን ወደ ማሰራጨት የሚያዞረው ሽቦ እዚህ ላይ ዳታ ተሸካሚ ሆኗል። (የሬዲዮው ሶኬት የኔትወርክ ይምሰል እንጂ ራውተር አይገናኝበትም፤ በአንዱ ሽቦ የመኪናው ባትሪ ኃይል ይመጣል።)

ዩኤስቢ ከመጣ በኋላ የማስማማቱ ሥራ ወደ ሌሎች ቺፖች ተዛወረ። ከእነዚህም ተመሳስለው የተሠሩትን ድራይቨሩ አልቀበልም እያለ ብዙ ሰው አንገላቷል።